«በኔ! በኔ!» ያለው ሹም

ባለፈው ሳምንት እዚህ ባሕር ማዶ ዋይንድሃም ቬል ያለችው ጂፒ፣ ሐኪሜ ዘንድ አፖይንትመንት ነበረኝ። የልጅ ልጄ ቤቲ የሥራ ሺፍቷን ቀይራ በመኪናዋ አደረሰችኝ። ሐኪሟ በስልክ አስተርጓሚ አስጠራችልኝ። አንድ ጎረምሳ ገና ሰላምታውን ሳይጨርስ፣ «ጋሼ፣ የተባለውን ሁሉ እንዳለ ነው የማስተረጉመው፤ አልጨምርም፣ አልቀንስም» አለኝ። ሳቄ አመለጠኝ። ለሳል ነበርና የሄድኩት፣ ሳቁና ሳሉ ተደባልቆ ሐኪሟ ደንግጣ ውኃ አመጣችልኝ።

ስንመለስ ቤቲ፣ «ምን አሳቀህ አባባ?» አለችኝ።

«እኔም በወጣትነቴ አስተርጓሚ ነበርኩ።»

«አንተ? በየትኛው እንግሊዝኛህ?»

ወይ ድፍረት! በጣልያንኛ ነዋ፣ አልኳት።

አገሩ ወሎ ነው፣ ጊዜው የጣልያን ጊዜ። ያኔ አሥራ ስምንት ዓመቴ ነበር። መንገድ ሲሠሩ ድንጋይ እየፈለጥኩ ቋንቋቸውን ከስድቡ ጀምሬ ለቀምኩት፤ ስድብ መቼም ቶሎ ይገባል። የአካባቢያችን ሹም የነበረው ቀይ ጢማም ጣልያናዊ መኮንን ይህን ሲሰማ መዶሻዬን አስጥሎ አስተርጓሚው አደረገኝ። የቄስ ልጅ ነኝ፤ ማተቤ ባንገቴ ነበር። አገራችን ግን እስላሙና ክርስቲያኑ ካንድ ምንጭ የሚቀዳ፣ ልጅ ለልጅ የሚጋባ አገር ነው። የምንለያየው በሥጋ ብቻ ነበር። ሠርግ ሲደገስ በሬው ሁለት፣ ዳሱም ሁለት ይሆናል፤ ጭፈራው ግን አንድ ላይ ነው። እንደዚያ ያለ ሠርግ ዛሬ ባገኝ በዚህ ጉልበቴም ቢሆን ተነሥቼ እጨፍር ነበር!

ይህ ለጣልያኑ አልጣመውም። «እናንተ እስላሞች፣ ክርስቲያኑ ሲንቃችሁ ኖሯል። እኛ መስጊድ እንሠራላችኋለን፤ እናንተ ጠመንጃ ተቀበሉንና ሽፍቶቹን ውጉ» ይል ጀመር። እውነቱን ለመናገር እስላሙ ያልተበደለ አልነበረም፤ ሰውዬው የነካው የሚያመውን ቦታ ነው። ሽፍታ የሚላቸው ደግሞ አርበኞቹን ነው። ታላቅ ወንድሜም አብሯቸው ጫካ ነበር።

በዚያ አገር ሁሉም የሚሰማቸው ሸህ ኑርዬ ነበሩ። የታመመ ክርስቲያን እንኳ ዱአ አድርጉልኝ እያለ ደጃቸው ይወድቃል። መኮንኑ ታዲያ ሸሁ በገበያ ቀን ሕዝቡ ፊት ቆመው የጣልያንን መንግሥት እንዲመርቁ፣ ሽፍቶቹን እንዲረግሙ፣ ከዚያም ጠመንጃው እንዲታደል አዘዘ። እሳቸው ከረገሙ እስላሙ መነሣቱ አይቀርም። እምቢ ካሉ ደግሞ ሞት ነው፤ ከጎረቤት ወረዳ እምቢ ያሉ አንድ ሽማግሌ ተሰቅለዋል።

የመስከረም መጨረሻ ነበር። ስንዴው ገና አረንጓዴ ነው፤ መንገዱ ጭቃ፣ ሜዳው አደይ በአደይ። በእስላም እጅ የታረደ በግ በየድስቱ ይንተከተካል፣ ሽታው ሆድ ይበላል። ለእኔ ለማተበኛው መቼም አይሆነኝም። የጠመንጃ ሳጥኖቹ ተደርድረዋል። ከኋላዬ ሁለቱንም ቋንቋ የሚያውቅ አንድ አስካሪ፣ የጣልያን ቅጥር ጥቁር ወታደር፣ ቆሟል። አንድ ቃል ባዛባ ያጋልጠኛል።

ሸሁ ተነሡና መዳፋቸውን ዘረጉ።

«እንግዳችንን አላህ በሰላም አገሩ ያስገባልን!»

«አሚን!» አለ ሕዝቡ። እንግዳ አገሩ ይግባ ማለት ውጣልን ማለት እንደሆነ ማን አጣው? እንዳለ አስተረጎምኩት። መኮንኑ ኮፍያውን አወለቀ፤ ዓይኑም እንባ አቀረረ። እናቱ ትዝ ብላው ይሆናል።

«ስንዴውንና ገብሱን ባንድ ማሳ አብቅልልን!»

«አሚን!»

«መሀላቸው የገባውን እንክርዳድ ከነሥሩ ንቀልልን!»

አሁንስ ሁሉም ገባው። «አሚን» የሚል ጠፍቶ ገበያው ጭጭ አለ። እንክርዳዱ ማን እንደሆነ ሕፃን ያውቃል። ስንዴውንም ገብሱንም እንክርዳዱንም ባሉበት ቃል ተናገርኩ። ወርቁን የጠየቀኝ የለም፤ ሰሙን ሰጠሁት። መኮንኑ ዓይን ዓይኔን እያየ አሰበ። እናቴን! ሞቴን ጠበቅሁ። ድንገት ፊቱ በራ። ለካስ እንክርዳድ የተባሉት አርበኞቹ መስለውታል! ጭኑን መታና፣ «ቤኔ! ቤኔ!» ብሎ ጮኸ።

በነሱ ቋንቋ «ደግ፣ ደግ» ማለት ነው። ሕዝቡ ግን ጣልያንኛ ከየት ያውቃል? የሰማው በአማርኛው ነው። በኔ! በኔ! እርግማኑ በኔ ይሁን፣ እኔን ይንቀለኝ! «አሚይይን!» ብሎ ገበያው ተናወጠ። ሴቶቹ እልል አሉ። መኮንኑም ደስ ብሏቸው ነው ብሎ ደጋገመው፣ ሕዝቡም አሚኑን ደጋገመለት።

ጠመንጃ ውሰዱ ሲባል ማን ይውሰድ! አንዱ ዓይኔ ፈዘዘ አለ፣ አንዱ አረም ላይ ነኝ አለ። መኮንኑም እርግማኑ ደርሶልኛል ብሎ ይሁን፣ አላስገደደም፤ ሳጥኖቹ እንደታሸጉ በመጡበት በቅሎ ተመለሱ። አስካሪው ሳቁን እየዋጠ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ፣ «ጎበዝ አስተርጓሚ ነህ» አለኝና ሄደ። እግዜር ይስጠው።

ሰው ሲበተን ሸሁ አስጠሩኝ። «ልጄ፣ ያልኩትን ነገርከው?»

«አንድ ቃል አላጎደልኩም፣ ሸሆቼ።»

«እሱም ባፉ ተቀበለው» አሉና ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ ሳቁ። ከዚያ ለእኔ ብቻ ሽሮ አሠርተው አበሉኝ። እንደዚያ ያለ ሽሮ ከዚያ ወዲህ አልቀመስኩም።

ወጌን ስጨርስ ቤቲ መኪናውን ቤት ደጃፍ አቁማ ሞተሩን አጥፍታለች።

«ሶ አባባ፣ ዋሽተኸዋል?»

«አልዋሸሁም፤ ያሉትን ነው ያልኩት።»

«ቢነቃብህስ?»

«እኔና ሸሁ ባንድ ዛፍ ላይ እንሰቀል ነበር።»

ቤቲ እጄን ጥብቅ አድርጋ ያዘችኝ። እኔ ዘበኛም ሆኛለሁ፣ ነጋዴም ሆኛለሁ፣ ልጅም አሳድጌያለሁ። የምኮራው ግን በዚያች ቀን ነው። በቀብሬ ላይ የሕይወት ታሪኬ ሲነበብ ሌላውን ሁሉ ይተዉትና፣ «የቄስ ልጅ ሆኖ የሸህ ዱአ አስተረጎመ» ይበሉልኝ።