የበረኛው እርማት

ደብረ ማርቆስ መናኸሪያ አጠገብ ያለውን የእንዳላማውን መጻሕፍት ቤት የሚያውቅ ሁሉ አንድ ነገር ይነግራችኋል፤ እሱ ዘንድ የተገዛ መጽሐፍ የታረመ ነው። የአገራችን መጽሐፍ ከማተሚያ ቤት ሲወጣ ሆዱ ውስጥ አንዲት ብጣሽ ወረቀት ይዞ ይወጣል፤ «ሳያርሙ አያንብቡ» ብላ ስሕተቶቹን የምትዘረዝር። ገዢው ወይ ገጽ መያዣ ያደርጋታል፣ ወይ ይጥላታል። እንዳላማው ግን መጽሐፉ ከካርቶን እንደ ወጣ ጥቁር እስክሪብቶውን ያነሣና እያንዳንዱን ስሕተት፣ በገጹና በመስመሩ እየፈለገ፣ በእጁ ያርማል። ሃምሳ ቅጂ ቢመጣ ሃምሳውንም። «ምን አደከመህ?» ሲሉት፣ «ስሕተት አልሸጥም» ይላል።

ይህን ሲል ከንፈራቸውን ነክሰው የሚያልፉ ነበሩ። በከተማው ዘንድ እንዳላማው አንድ ነገር ሸጧልና።

በጉብዝናው ዘመን የጮቄ ክለብ በረኛ ነበር። ቁመቱ ዘለግ ያለ፣ መዳፉ ሰፌድ የሚያህል። በ2003 ዓ.ም. ሰኔ ላይ ጮቄ ወደ ላይኛው ሊግ ለማለፍ አቻ መውጣት ብቻ ይበቃው ነበር። ባዶ ለባዶ ሆነው ሊያልቅ ዘጠኝ ደቂቃ ሲቀር፣ ሕፃን የሚይዛት ኳስ በእነዚያ መዳፎች መሐል አልፋ መረብ ነካች። ጮቄ ወደቀ። «ፀሐይ ዓይኔን ወጋችኝ» አለ እንዳላማው። ማንም አላመነውም፣ ከሚስቱ በቀር። መምህርት ፀደንያ በሰርግም ሆነ በለቅሶ ወሬው በተነሣ ቁጥር ጣቷን ወደ ሰማይ ቀስራ፣ «ፀሐይ ነው! ፀሐይ ዓይኑን ወግታው ነው!» ትላለች። ብላም ዘወር ትልና ባሏን ታየዋለች። እሱ አንገቱን ይደፋል።

እውነቱን የሚያውቁት ሁለት ሰዎች ነበሩ፤ እሱና የክለቡ ሊቀ መንበር ፍሥሐ። ፍሥሐ ያን ጊዜ በዞኑ የፖለቲካ ሰው ነው። በእረፍት ሰዓት ወደ መልበሻ ክፍል ገብቶ በረኛውን ወደ ጥግ ሳበው።

«ላይ ያሉት ወስነዋል» አለው በሹክሹክታ። «ዘንድሮ የሚያልፈው የወዲያኛው ዞን ክለብ ነው። እዚያ ሕዝቡ ተቆጥቷል፣ በኳስ ይብረድ ተብሏል። ሚስትህ የምታስተምረው መርጡለ ማርያም ነው አይደል? ነገሩ ካማረ ማርቆስ ትመጣልሃለች። ካላማረ ደግሞ ከዚያም የራቀ ወረዳ ሞልቷል።»

ጓንቱን መታ መታ አድርጎለት ወጣ። ፍሥሐ በዚያው ክረምት የክልል ሹም ሆኖ ሄደ። እንዳላማው በጳጉሜን ከክለቡ ተባረረ፤ የስንብት ደብዳቤው ላይ ያለው ፊርማ ፍሥሐ ሳይሄድ ያኖረው ነበር።

አሥራ አራት ዓመት አለፈ። እንዳላማው ግን ቂሙን ነቀዝ እንዳይበላው እንደ ዘር እህል እያገላበጠ አኑሮት ነበር።

ተዘግቶ የከረመው መንገድ በተከፈተ በሦስተኛው ቀን፣ የጮቄ ተከላካይ የነበረውና ዛሬ ባጃጅ የሚነዳው አንሙት ከመናኸሪያ አራት ካርቶን ጭኖ መጣ።

«ፍሥሐ ጡረታ ወጥቶ ደራሲ ሆነልህ!» አለ ካርቶኑን እያወረደ። «ስለ ክልል ፖለቲካና ስለ ኳስ ነው አሉ። እሑድ ይመረቃል። ሁለት መቶ ቅጂ ነው።»

«የወጋ ቢረሳ …» አለ እንዳላማው፣ ካርቶኑን በምላጭ እየቀደደ።

«የቀረውን አንተ ታውቀዋለህ» አለ አንሙትና ባጃጁን አስነሣ።

መጽሐፉ «ወንበርና ኳስ» ይላል። እንዳላማው እንደ ልማዱ እርማቷን አወጣና ጀመረ፤ ገጽ 17፣ ገጽ 58፣ ገጽ 90። ገጽ 143 እርማቷ ላይ አልነበረም። ዓይኑን የያዘው «በረኛው» የሚለው ቃል ነው። «በረኛው በጥቅም ተደልሎ ኳሷን ለቀቃት» ይላል። ገጹን ሲገልጠው ደግሞ፣ «ይህን ጉድ የሰማሁት ከዓመታት በኋላ ነው።»

እስክሪብቶውን ከደነ። የዚያን ቀን ምሳውን ከሌላው ጊዜ አብልጦ በላ።

ቅዳሜ ጧት ፍሥሐ ራሱ መጣ። መጀመሪያ ሆዱ ገባ፣ ቀጥሎ እሱ።

«አንተ እንዳላማው! አሁንም ታመልጥሃለች ወይስ ትይዛለህ?» አለና ለብቻው ሣቀ።

«መጽሐፍ አያመልጠኝም፣ አቶ ፍሥሐ።»

«አነበብከው?»

«እያረምኩት ነው።»

«ጎበዝ! ብቻ ያቺን ገጽ አይተህ እንዳትቀየመኝ። ስምህን አልጠቀስኩም።»

«‹በረኛው› ነው ያሉት።»

«አዎ፣ በረኛው።»

«የዚያን ቀን ጮቄ ስንት በረኛ አሰለፈ?»

ፍሥሐ ትከሻውን ቸብ አደረገው። «ታሪክ ነው እንግዲህ። አንተም የመጽሐፍ ሰው ሆነሃል፣ ይገባሃል። ነገ አዳራሹ በር ላይ ጠረጴዛ ይዘህ የምታድለው አንተ ነህ። የድሮ ተጫዋቼን እንዳልረሳሁ ሰው ይይልኝ።»

«አይስጉ፤ እያንዳንዱ ቅጂ በእጄ ያልፋል» አለ እንዳላማው።

ፍሥሐ እንደ ወጣ እንዳላማው በሩን ገርበብ አድርጎ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጠ። መጀመሪያ «በረኛው ንጹሕ ነው» ብሎ ጻፈ። አየውና አጠፋው። ሐሰትን በሐሰት ቢያርም ሰው ሁለቱንም አንድ ላይ ይጥላል። ፍሥሐን ገደል ለመክተት እጁን ይዞ አብሮ መግባት ነበረበት። እሱ ቢገባ ግን ፀደንያስ? አሥራ አራት ዓመት ከጎረቤት ስትጣላለት የኖረች ሴት፣ ነገ በምን ዓይኗ ሰው ታያለች? በመጨረሻ ያኔ ፍሥሐ ጓንቱን መታ መታ ያደረገው መዳፉ ላይ ተሰማውና ጻፈ። ስለ ፀደንያ ዝውውርም አንድ መስመር ጨምሮ ነበር፤ «እሷን ምን አገባት» ብሎ ሰረዛት። ሁለት መቶ ብጣሽ አትሞ ቆረጠ። ከማተሚያ ቤቱ እርማት ጀርባ አንድ በአንድ ሰካቸው፤ ይህን ጊዜ ማረሙን ለአንባቢው ተወው።

እሑድ አዳራሹ ሞላ። ፀደንያ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጠች። መጽሐፉን መርቀው እንዲናገሩ ከደብረ ወርቅ የተጠሩት የቅኔ መምህር መሪጌታ ዘማርያም መነጽራቸውን አድርገው መድረኩ ላይ ቆሙና ብጣሹን አወጡ።

«‹ሳያርሙ አያንብቡ› ይላል» አሉ። «እኛም ዘንድ ሕጉ ይኸው ነው። ብዕር ያላችሁ አርሙ፤ የሌላችሁ ተዋሱ።»

እሳቸውም ማረም ጀመሩ። ሁለተኛዋ ብጣሽ ላይ ሲደርሱ እጃቸው ቆመ። ፍሥሐን አዩት። በሩ ላይ የቆመውን እንዳላማውን አዩት። ከዚያ ጎንበስ ብለው ጻፉ። ብጣሿ እንዲህ ትላለች፦

«ተጨማሪ እርማት። ገጽ 143፦ ‹በረኛው በጥቅም ተደልሎ ኳሷን ለቀቃት› የሚለው ‹በረኛው በእኔ ትእዛዝ ኳሷን ለቀቃት› ተብሎ ይታረም። ገጽ 144፦ ‹የሰማሁት ከዓመታት በኋላ ነው› የሚለው ‹በእረፍት ሰዓት መልበሻ ክፍል ገብቼ ያዘዝኩት እኔ ነኝ› ተብሎ ይታረም። እርማቱን ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ ኳሷን የለቀቅሁት በረኛ እንዳላማው።»

የዚያ ሁሉ መጽሐፍ ገጽ ሲገለጥ የበቆሎ ማሳ ነፋስ ሲያልፍበት የሚያሰማውን ድምፅ አሰማ። ሰው ሁሉ አቀርቅሮ ይጽፋል። ፍሥሐ ማስታወሻ የሚይዙለት መስሎት ደረቱን ነፋ፤ አጠገቡ ወዳለው እንግዳ ጠጋ ብሎም «ይጽፋሉ እኮ!» አለው። ሰውዬው ቀና ብሎ አላየውም። ፍሥሐ መጽሐፉን ከእጁ ነጠቀው።

«ይህን ማነው ያስገባው?»

«እኔ» አለ እንዳላማው ከበሩ። «እኔ እንኳ ስሜን ጠቅሻለሁ፣ አቶ ፍሥሐ።»

«ያዛት!» ብሎ ጮኸ አንሙት ከኋላ። አዳራሹ በሣቅ ተናጋ።

«ፍርድ ቤት እንገናኛለን!»

«እንገናኝ። እዚያም ስሕተት ካለ አርማለሁ።»

ፍሥሐ ኮቱን እንኳ ሳይለብስ ወጣ። እንዳላማው እስከ መኪናው በዓይኑ ሸኘው፤ አሥራ አራት ዓመት የጠበቀው ማር በጉሮሮው ወረደ። ይህ ደስታ የቆየው ፀደንያ መጽሐፏን ይዛ ፊቱ እስክትቆም ድረስ ነው።

«ፀሐይ አልነበረም ማለት ነው?» አለችው።

«አልነበረም።»

«እኔ እኮ ስታዲየም ነበርኩ፣ እንዳላማው። ጃንጥላ ይዤ። ከጧት ጀምሮ ሰማዩ ተደፍኖ ነበር።»

«ታዲያ በየሰርጉ፣ በየለቅሶው ፀሐይ ነው እያልሽ …»

«አንገትህን ስትደፋ ለማየት ነዋ! ኳሷ ሰኔ ገባች፣ ዝውውሬ ሐምሌ መጣ። መቁጠር የማላውቅ መሰለህ? በእኔ ስም ጨዋታ ሸጥክ፤ ለእኔ ደግሞ ፀሐይ ሸጥክልኝ። አንድ ቀን ይነግረኛል ብዬ ጠበቅሁ። ዛሬም የተናገርከው እሱን ለመጉዳት ነው እንጂ ለእኔ ብለህ አይደለም።»

መጽሐፏን ዘረጋችለት። ከብጣሿ ግርጌ፣ የተማሪ ደብተር በምታርምበት ቀይ ቀለም፣ ቀጥ ባለ ጽሕፈቷ እንዲህ ተጨምሯል፦ «ገጽ 143፣ ያው መስመር፦ ‹በእኔ ትእዛዝ› ከሚለው ቀጥሎ ‹ለሚስቱም ዝውውር ብሎ› ተብሎ ይነበብ።»

«ስሕተት አልሸጥም ትል የለ?» አለችና ቀዩን እስክሪብቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ ሄደች።

ካርቶኑ ውስጥ የቀሩት ስድስት ቅጂዎች ነበሩ። ተቀምጦ የእሷን መስመር በቀይ እየጨመረ ስድስቱንም አረማቸው። አንሙት ባጃጁን አስነሥቶ ይጠብቃል።

«ጀግናው! ወዴት ልውሰድህ? ዛሬማ ጋባዡ እኔ ነኝ።»

እንዳላማው ቀዩን እስክሪብቶ ኪሱ ከትቶ ከኋላ ገባ።

«መጀመሪያ የደብረ ወርቁ መኪና ሳይሄድ መሪጌታ ዘንድ አድርሰኝ» አለ። «ከዚያ መጽሐፉን የወሰዱት ሰዎች ቤት። ሁሉም ጋ።»