ፊደሉን ሳያይ የሚለቅም እጅ

ሥራዬ ትወና ነው። የምሠራው ግን ስለ ጋዜጣ፣ ስለ ሬዲዮና ስለ ወቅታዊ ጉዳዮች በሚዘጋጁ ዘጋቢ ፊልሞች ውስጥ ነው። በጊዜው ካሜራ ያልነበረበትን ታሪክ እኛ ሠርተን እናሳያለን። ጋዜጣ አዟሪ ሆኛለሁ፤ ዜና አንባቢም ሆኛለሁ። ብዙ ጊዜ የሚታየው እጄ ወይም ጀርባዬ ስለሆነ የሰፈሬ ልጆች ሃብተ ጊዮርጊስ ድልድይ ላይ ሲያገኙኝ፣ "ኧረ ዙርልን፣ በፊት ለፊት አላወቅንህም!" ይሉኛል።

ከሁሉም የምኮራው ስለ ድሮ ማተሚያ ቤቶች በተሠራው ፊልም ነው። ፊደል ለቃሚ ነበርኩ፤ የእርሳስ ፊደላትን ከሳጥን አንድ በአንድ እያነሳ የጋዜጣ መስመር የሚደረድር ሠራተኛ። ትወና የተማርኩት በራሴ ነው፤ የማላውቀው ሥራ ሲገጥመኝ የሚያውቀውን ሰው እፈልጋለሁ። ከቸርችል ጎዳና ገባ ብለው የሚኖሩ ጡረተኛ ፊደል ለቃሚ አገኘሁ። ሳጥኑን በትልቅ ካርቶን ላይ ከነክፍሎቹ ሣሉልኝ፤ ቶሎ ቶሎ የሚፈለጉት ፊደላት ለእጅ የቀረቡ ናቸው። ሦስት ሳምንት ካርቶኑ ላይ ተለማመድኩ። ወደ እጄ ባየሁ ቁጥር በማስመሪያ ጣቴን መታ ያደርጉኛል።

"ዓይንህን ከጽሑፉ አትንቀል! አንተ ልጅ፣ ምስር ነው እንዴ የምትለቅመው?"

"ይቅርታ፣ ጋሼ።"

በቀረጻው ቀን ሳጥኑ እሳቸው እንደሣሉት መሆኑን አስቀድሜ አረጋገጥኩ። አዘጋጇ ግን ገና ስጀምር አስቆመችኝ።

"እያንዳንዱን ፊደል አንስተህ እየው፤ ተመልካቹ እንዲገባው።"

"ፊደል ለቃሚ ፊደሉን አያይም።"

"ይሄን ማን ያውቃል?"

"የሠሩበት ያውቃሉ።"

ካሜራማኑ፣ "ለእጅህ ብለን ብንጠራህ እጅህ አፍ አወጣ!" አለ። ሁሉም ሳቁ፤ እሷ አልሳቀችም።

"እንዳልከው አንዴ ብቻ እቀርጽሃለሁ። ከተሳሳትክ ልብሱን አውልቀህ ለሌላ ሰው ትሰጣለህ።"

ሥራውን መልቀቅ አልፈልግም ነበር። ግን ሽማግሌው ፊልሙን ያዩታል፤ እጄ ሲዋሽ እንዲያዩት አልፈለግኩም። ዓይኔን ጽሑፉ ላይ ተክዬ ጀመርኩ። አራተኛው ፊደል ተገልብጦ እጄ ገባ። ሽማግሌው እንዳስተማሩኝ፣ ፊደሉ ቀና ሲያዝ በጎኑ ያለችው ጭረት አውራ ጣቴ ሥር መሆን ነበረባት፤ የለችም። ሳላይ አዞርኩትና ቀጠልኩ። መስመሩ ሲያልቅ ቀለም ቀብተን ወረቀት ላይ አተምነው። አዘጋጇ ጮክ ብላ አነበበችው። አንድም ፊደል አልጎደለም፣ አንድም አልተገለበጠም።

"ይሄው ይያዝ" አለች።

ፊልሙ የተላለፈው ቅዳሜ ከሰዓት ነው። ከሽማግሌው ቤት ሆኜ አየሁት። የእኔ ትዕይንት ግማሽ ደቂቃ አይሞላም፤ ፊቴም አይታይም። ፊደሏ እጄ ላይ ስትዞር ሽማግሌው ቀና ብለው ተቀመጡ።

"አየሽ?" አሏቸው ባለቤታቸውን፣ "በአውራ ጣቱ ነው ያወቃት!"

ከዚያ አብሯቸው ለዓመታት የሠራ ባልደረባ የሚያናግሩ ይመስል ወደ እኔ ዞረው፣ "መጨረሻው ላይ ግን ዘግይተሃል" አሉኝ።