ለሀርመኒ መጽሐፍ የገባ ማመልከቻ

ታኅሣሥ 9፣ 2009። ይሄን መጻፍ ትንሽ ያሳፍረኛል... ግን ልጻፈው። ሰው ፊት ቆሜ ማውራት ስለማልችል፣ ዛሬ የአንድ ሽማግሌ ቤት በር ላይ ቆሜ ማመልከቻ አስገባሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። የትምህርት ቤታችን ቤተ መጻሕፍት ውስጥ አንድ አሮጌ የሀርመኒ መጽሐፍ አለ። ሁለት ድምፅ እንዴት ተስማምቶ እንደሚሄድ የሚያስተምር፣ ያውም በአማርኛ! የሚኒ ሚዲያውን ኦርጋን ብቻዬን ስነካካ ስፈልገው የኖርኩት እሱን ነው። ግን የሚያውሱት ለአንድ ሳምንት ብቻ ነው። ልግዛው ብል ደግሞ የትም የለም።

እዚሁ ኮሶበር ከተማ ፎቶ ኮፒ ቤት ይዤው ሄድኩ። ልጅቷ ማሽኑ ላይ ልታስተኛው ስትል፣ መጀመሪያው ገጽ ላይ «ያለ ደራሲው ፈቃድ ማባዛት ክልክል ነው» የሚል አየሁና እጇን ያዝኳት።

«አንቺ፣ ይሄ እኮ ሁሉም መጽሐፍ ላይ አለ!» ብላ ሳቀችብኝ። «ደግሞ ደራሲው የሚኖሩት ዳንግላ፣ እኛ ሰፈር ነው። ከፈራሽ ሂጂና አስፈቅጂያቸው።»

ቀልዷን ነበር። እኔ ግን ቤት ገብቼ «ጉዳዩ፦ መጽሐፍ ለመገልበጥ ፈቃድ ስለመጠየቅ» ብዬ ጻፍኩ።

ዛሬ በሚኒባስ ዳንግላ፣ ከዚያ በጋሪ እስከ ደጃቸው። ደራሲው ጋሽ ይግዛው ራሳቸው በሩን ከፈቱ። ወረቀቱን ዘረጋሁላቸው።

መነጽራቸውን አድርገው እዚያው ቆመው አነበቡት። እኔ ጫማዬን አያለሁ። እምቢ ካሉኝ መጽሐፉ አርብ ይመለሳል፣ በቃ።

«ፊርማሽ የታለ?»

አንገቴን አስግጌ ወረቀቱን አየሁ፤ እውነትም አልፈረምኩም።

«ያልተፈረመ ማመልከቻ አይታይም፣ ልጄ።»

እስክሪብቶ ሰጡኝ። ጉልበቴ ላይ አድርጌ ፈረምኩ። ከዚያ ልክ እንደ ቢሮ ኃላፊ ወረቀቱ ጥግ ላይ መሩበት፦ «ተፈቅዷል። አንድ ኮፒ ለደራሲው ይሰጥ።»

«እርስዎ... የለዎትም እንዴ?»

«አውሼ ጨረስኩት። ያመለከተም የለ፣ የመለሰም የለ።»

ሳቄ አመለጠኝ። እሳቸውም ሳቁ። ከዚያ ልሄድ ስል፦

«ኮፒውን ስታመጪ ላይኛውን ድምፅ አንቺ ትይዣለሽ፣ ታችኛውን እኔ። ሀርመኒ ለብቻ አይዘፈንም።»

እንደተመለስኩ ሁለት ኮፒ አሠራሁ። ልጅቷ «ተፈቅዷል» የሚለውን እያነበበች፣ ገልብጣ እስክትጨርስ ሳቀች።

ነገ የሳቸውን ይዤ እሄዳለሁ። እዘፍናለሁ ብዬም ወስኛለሁ... ዓይኔን ጨፍኜም ቢሆን።