በአንድ ባርኔጣ የተደባለቀ ጥይት

ጥይቱን ወዲያ አስቀምጡትና መጀመሪያ እኔን ስሙ። ጠመንጃ የተሰጣችሁ ትናንት ነው፤ ዛሬ ኪሳችሁን በጥይት ሞልታችሁ ትንጎራደዳላችሁ። ሃያ ዓመት ሙሉ አዳኝ እየመራሁ ጫካ ለጫካ የኖርኩት እኔ፣ አንድ ሰው አካሉን እንዲያጣ አድርጌአለሁ። ከሌላ ሰው አፍ ከምትሰሙት ራሴ ብነግራችሁ ይሻላል።

የበልጉ ዝናብ ገና ማባራቱ ነበር። መንደራችን ላንቴ ላይ የዱር አሳማ የአልታዬን ሙዝ ከሥሩ እየፈነቀለ ጨረሰው። አልታዬ ጎረቤቴ ነው፤ እንደ ታናሽ ወንድሜ የማየው፣ አራት ልጆቹን በዚያች ሙዝ የሚያሳድግ ሰው። የፈቃድ ደብዳቤውን አስወጣንና አንድ ማለዳ ሦስት ሆነን ወጣን፤ እኔ፣ አልታዬና ከምዕራብ ዓባያ የመጣው ዘለቀ። የእኔና የአልታዬ ጠመንጃ አሥራ ሁለት ቁጥር ነው። የዘለቀ ሃያ ቁጥር ነው። ሃያ ሲባል የሚበልጥ እንዳይመስላችሁ፤ በዚህ ጠመንጃ ቁጥሩ ሲጨምር ጥይቱ ይቀጥናል።

እኛ ዘንድ አብሮ የወጣ ሰው ያለውን ያዋጣል፤ ስንቁንም ጥይቱንም። ዘለቀ ባርኔጣውን አወለቀ፣ ሁላችንም ያለንን ጨመርንበት፣ ታላቅ ነኝና እኔ አካፈልኩ። ለእያንዳንዳችን ስድስት ስድስት። የዘለቀን ቢጫ ቀጫጭን ጥይቶች በዓይኔ አይቻለሁ። የውጭ አገር አዳኞች የየራሳቸውን ለይተው ሲይዙ ንፉጎች ይመስሉኝ ነበር፤ እኔም ይሄ ያንተ፣ ያ የሱ እያልኩ ስለይ መታየቱ አሳፈረኝ። ምን ዓይነት ጅልነት ነው! ዘለቀ በእሱ ጠመንጃ አልገባ ያሉትን ወፋፍራሞቹን መለሰልን። ወፍራም ጥይት በቀጭን አፈሙዝ አይገባም፣ ራሱ እምቢ ብሎ ያስጠነቅቃል። ቀጭኑ ግን በወፍራሙ ዘው ብሎ ይገባል። አልታዬ ኪስ ውስጥ የገባውን ማንም አልፈተሸም።

ዱካው ትኩስ ነበር። ኮቴው ጭቃው ላይ የተወው ጉድጓድ ውኃ ይዟል፣ ውኃው ገና አልጠራም። ከሙዙ ቅጠል የሚንጠባጠበው ዝናብ ትከሻችንን አበስብሶታል። ዘለቀ ውሾቹን ይዞ በማዶ ወደ ጥሻው ገባ፣ እኔና አልታዬ መውጫው ላይ በሃያ እርምጃ ያህል ተራርቀን ቆምን። ውሾቹ ሲጮኹ አልታዬ ዓይኑን ጥሻው ላይ ተክሎ በዳበሳ አንድ ጥይት አጎረሰ። አየሁት። ጥይቱን ግን አላየሁም።

አሳማው ወጣ። ትልቅ ወንድ ነው፣ ጀርባው ላይ ያለው ጸጉር ቆሟል። አልታዬ ቃታውን ሳበ፤ ቀጭ አለ እንጂ አልተኮሰም። አሳማው ወደ ጥሻው ተመለሰ። አልታዬ ጠመንጃውን ከፍቶ አየና ግራ ገብቶት ወደ እኔ ዞረ።

«ጋሼ፣ ባዶ ነው። አጉርሼ አልነበር እንዴ?»

ጠየቀኝ እኮ! እኔን ብሎ ጠየቀኝ። ቢጫው ጥይት አልፎ አፈሙዙ ውስጥ ተሰንቅሮ ነበር። ጠመንጃውን ወደ ብርሃን አንስቶ በአፈሙዙ ማየት ዓይን ከመጨፈን አይረዝምም። እኔ ይህን አሳምሬ አውቃለሁ። ግን ውሾቹ አሳማውን መልሰው እየገፉት ነው፣ ልቤ እሱ ላይ ነው።

«ረስተህ ነው፤ ቶሎ አጉርስ!» አልኩት።

ወፍራሙን ከኋላ ጨመረበት። አሳማው ዳግም ሲወጣ ተኮሰ። ድምፁ የጥይት አልነበረም። አፈሙዙ እንደ ሸንኮራ ተሰንጥቆ ተበተነ። አሳማው በጭሱ መሃል ወደ እኔ መጣ፤ የእኔ ባለ ሁለት አፈሙዝ ነው፣ ሁለቱንም ተኮስኩበትና እግሬ ሥር ወደቀ። ዞር ብሎ ያየው የለም። አልታዬ ጭቃው ላይ ተቀምጦ ግራ እጁን እያየ ነበር። ጣት የሚባል አልነበረውም። በሸሚዜ ጥፍር አድርጌ አሰርኩት፣ ሙዝ የጫነች መኪና ለምነን አርባ ምንጭ ገባን። ነፍሱ ተረፈች፣ እጁን ከአንጓው ላይ ቆረጡት።

ሽማግሌዎች ሲጠይቁ ሁሉም የአሮጌ ጠመንጃ ጣጣ ነው አለ። እኔም አዎ ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ። ሁለት ዓመት እንደዚያ ኖርኩ። አልታዬ በአንድ እጁና በክንዱ የሙዝ ዘለላ ታቅፎ መኪና ላይ ሲጭን እያየሁ፣ እያገዝኩት፣ ዝም።

በመጨረሻ እዚያው እርሻው ውስጥ ነገርኩት። አልተቆጣም። ቢቆጣ በወደድኩ።

«ሆስፒታል ተኝቼ ደርሼበታለሁ፤ አንተ እስክትነግረኝ ነበር የምጠብቀው» አለኝ። ከዚያ ወደ ሥራው ተመለሰ።

እና አፈሙዛችሁ ላይ የተጻፈውን ቁጥር አንብቡ፣ ጥይቱ ላይ ካለው ጋር አስተያዩ። የሌላ ሰው ጥይት በኪሳችሁ አይደር፤ ንፉግ ቢሏችሁ ይበሏችሁ። ቀጭ ብሎ ዝም ካለ አፈሙዙን ወደ መሬት አዙራችሁ ጠብቁ፣ ከዚያ ጥይቱን ሁሉ አውጡና ከዳር እስከ ዳር ብርሃን ካላያችሁ ሌላ አታጉርሱ። አሳማው ይሂድ።

አልታዬ ዛሬም ሲያገኘኝ «እንደምን አደርክ ጋሼ» ይለኛል። ባለፈው ግን ለእርሻው ጠባቂ ውሻ ሊመርጥ ገበያ ወጥቶ፣ ዕድሜዬን ከውሻ ጋር የኖርኩት እኔ አጠገቡ ቆሜ፣ የቱ እንደሚሻል አንድ የማያውቀውን መንገደኛ ጠየቀ።