የቤንዚን ጠብታ በደብተሬ ወረቀት ላይ

የቤንዚን ሽታ ድንገት ሽው ባለኝ ቁጥር፣ ደብረ ታቦር ላይ ከመናኸሪያው ጀርባ የነበረው የእናቴ ላቫጆ ከነጭቃው ይመጣብኛል። ሰው እናቱን በሽቶ ያስታውስ ይሆናል፤ እኔን ያሳደገኝ ግን ቤንዚን ነው።

ክረምት ሲገባ ባጃጆች እስከ ጣራቸው ጭቃ ለብሰው መጥተው ይሰለፉ ነበር፤ እናቴም ቦቲዋን አጥልቃ፣ ነጠላዋን ወገቧ ላይ ሸብ አድርጋ፣ ውኃ የሚገፋውን የቤንዚን ሞተር ገመዱን አንዴ ስባ ታስነሳው ነበር። እንጀራችን እሱ ስለነበር ለሚጠጣው ነገር ትጠነቀቅ ነበር። «ሰው ያገኘውን በልቶ ያድራል፤ ሞተር ግን አይችልም» ትል ነበር።

ቤንዚን ከማደያ ሲጠፋ በጀሪካን ከሚቸረችሩት እንገዛ ነበር፣ አንዳንዶቹም ነጭ ጋዝ ይቀላቅሉበታል። ጎረቤታችን የመለዋወጫ ነጋዴው ጋሽ ሰይድ ታዲያ ዘዴውን አስተማሩኝ፦ ከደብተሬ ወረቀት ቀድጄ አንድ ጠብታ አደርግበታለሁ፤ ንጹሕ ከሆነ ተንኖ ይጠፋል፣ ነጭ ጋዝ ካለበት ቅባቱ ይቀራል። ከዚያ ወዲህ ቤንዚን መምረጥ የእኔ ሥራ ሆነ፣ ኩራቴም ልክ አልነበረውም።

ጥር ገብቶ፣ በከተራ ዋዜማ፣ ባለባጃጁ ሁሉ ለጥምቀት ሊያሳምር ተሰልፎ ሳለ ቤንዚናችን አለቀ። ሮጬ ገዛሁና፣ የሰልፉን ርዝመት አይቼ ስለቸኮልኩ፣ ወረቀቱን ሳላወጣ «ንጹሕ ነው እማዬ» ብዬ ሰጠኋት። ቃሌን አምና ሞላችው። ሞተሩ ነጭ ጭስ ተፋ፣ ሁለት ሦስቴ አስነጠሰና ቀጥ አለ። እስከወዲያኛው የሞተ መስሎኝ ከውኃው በርሜል ጀርባ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ።

ጋሽ ሰይድ መጥተው ያንን ቤንዚን አራገፉ፣ እሳት የሚሰጠውን ካንዴላም ፈተው እየጠረጉ «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች። ወረቀቱስ?» አሉኝ።

«አልሞከርኩትም ጋሼ። ይቅር ይበሉኝ።»

«እኔን ምን አድርገሽኝ? እናትሽን በያት እንጂ።»

ወደ እናቴ ዞርኩ። እሷ ግን ባዶውን ጀሪካን አንስታ ዘረጋችልኝ።

«ሂጂ፣ አንቺው ግዢ» አለችኝ። «ከእንግዲህ ካንቺ በላይ የሚጠነቀቅ ከየት አመጣለሁ?»

ሦስት ሻጭ ጋ ጠብታ ሞክሬ፣ ወረቀቱን ነጭ አድርጎ የተወውን ይዤ ተመለስኩ። ሞተሩ ተነሳ፣ የመጨረሻው ባጃጅም ሳይመሽ ታጥቦ ሄደ። የዚያን ቀን ደስታዬ እስካሁን ከልቤ አልወጣም።

ዛሬ ላቫጆውን የያዝኩት እኔ ነኝ። ሞተሩ ሌላ ነው፣ ከተማውም ሰፍቷል፣ ቤንዚን መጥፋቱ ግን ያው ነው። እናቴ ዓይኗ ደክሞ በሩ ላይ ወንበሯን ይዛ ትውላለች። ያኔ በቃሌ ብቻ አምናኝ ነበር፤ ዛሬም ሳልሞክር «ንጹሕ ነው» ብላት ታምነኛለች። እኔ ግን ጀሪካን በመጣ ቁጥር ጠብታውን አድርጌ፣ ጥቂት ጠብቄ፣ ወረቀቱን እጇ ላይ አስቀምጥላታለሁ። ቅባት ቀርቶበት እንደሆነ በጣቷ ቀስ ብላ ትዳብሰዋለች።

«ጠፍቷል» ትለኛለች። ያን ጊዜ ገመዱን እስባለሁ።