ከመሀል የጠፋው ድምፅ

የእህቴ ልጅ በዘጠኝ ዓመቷ ማጅራት ገትር ይዟት አሥራ ሰባት ቀን ሆስፒታል ተኛች። ክፍሉ ስድስት አልጋ ነበረው፤ በዚያው በሽታ ከገቡት መካከል በእግራቸው የወጡት እሷና አንዲት ሴትዮ ብቻ ናቸው። ቤት በገባች በሦስተኛው ቀን እናቷ በቀኟ በኩል ሆና ጠራቻት። ዝም አለች። ደግማ ጠራቻት፤ አሁንም ዝም። በግራዋ ዞራ ስትጠራት ግን "አቤት እማዬ" አለች። የቀኝ ጆሮዋ ጨርሶ ሞቶ ነበር።

እህቴ በዚያው ቀን እኔን አስጠርታ በሩን ዘጋች። "ጎደሎ ናት ብለው ልጄን እንዳያሸማቅቁብኝ። ይህ ነገር ከዚህ ቤት እንዳይወጣ" አለችኝ። አልወጣም። እህቴ ካረፈች በኋላም እኔ አፌን እንደያዝኩ ሠላሳ ዓመት አለፈ።

ልጅቷ መደበቁን ማንም ሳያስተምራት ቻለችበት። ትምህርት ቤት ከወንበሩ ቀኝ ጫፍ ትቀመጣለች፤ ሰው ሁሉ በግራዋ ይሆንላታል። መንገድ ላይም እንደዚያው። ሰው ሲያናግራት ግራ ጆሮዋ እንዲቀርብ ፊቷን በመጠኑ ወደ ጎን ታዞራለች። ይህን ያዩ የሰፈር ልጆች ኩራት መስሏቸው "ንግሥቲቱ" አሏት። ስሙ አብሯት አደገ። እሷም አልጠላችውም፤ "ደንቆሮ ከምባል ንግሥት መባል ይሻለኛል" ትለኝ ነበር።

እኔ አናጺ ነኝ። እሷ የተበላሹ ሬዲዮዎችን መፈታታት የጀመረችው ከሥራ ቦታዬ ጥግ፣ ከመጋዝ ብናኙ መሀል ተቀምጣ ነው። ከሬዲዮ ወደ ድምፅ ማጉያ፣ ከድምፅ ማጉያ ወደ መቅረጫ ተሻገረች። ሃያ አምስት ዓመት ሲሞላት ከእንጨት መጋዘኔ ጀርባ ያለውን ክፍል ስቱዲዮ አደረግሁላት። አንድ ብልጥ ነኝ ባይ ግድግዳው ላይ የእንቁላል ካርቶን ለጥፍላት ብሎኝ ነበር። እኔ ሁለት ረድፍ ሳንቃ መትቼ በመካከሉ ሱፍ ጠቀጠቅሁበት። በሩ ብቻውን የሁለት ሰው ሸክም ነው። እዚያ ውስጥ ማስታወቂያ፣ ንግግርና ትረካ ስትቀርጽ ኖረች። ለእንዲህ ያለው ሥራ አንድ ጆሮ ይበቃል።

ከዚያ አራት ወጣቶች መጡ። ዜማውንም ግጥሙንም ራሳቸው የሚሠሩ፣ ከኋላቸው ኩባንያ የሌላቸው የሮክ ባንድ ናቸው። ዘፋኟ ቀጭን ልጅ ናት፤ ድምፅዋ ግን ያንን የእኔን በር ይገፋዋል። ጊታሪስቱ ቁም ነገረኛ ነው። ቤዝ የሚጫወተው ልጅ በስምንት ወር ውስጥ ስምንት ቃል የተናገረ አይመስለኝም። ከበሮ መቺውን "ባቡር" ይሉታል፤ ከተነሳ አይቆምም። ሌሎች ስቱዲዮዎች "ጩኸታችሁን ቀንሳችሁ ኑ" ብለው መልሰዋቸው ነበር። ንግሥቲቱ ሁለት ዘፈን ሰማቻቸውና "ጩኸቱ ይቆይ፤ ጫማችሁን ግን ጠርጋችሁ ግቡ" አለቻቸው።

በስምንት ወር አሥር ዘፈን ቀረጹ። አሠራሯ ለልጆቹ እንግዳ ነበር። ማዳመጫውን አጥልቃ የግራውን ትሰማለች፤ ከዚያ ገልብጣ ታጠልቀውና የቀኙን ትሰማለች። የግራና የቀኙን ሚዛን የምታውቀው በጆሮዋ ሳይሆን ድምፆቹን በሚያቀላቅለው ማሽን፣ በሚክሰሩ፣ መርፌዎች ነው።

"እታለም፣ ያ ማዳመጫ እኮ ራሱን ሊያዞረው ነው" ይላል ባቡር።

"እሱ ለምዶታል። አንተ ይልቅ ከበሮህን ጠብቅ።"

ጥንቃቄ መሰላቸው። ማንም ምክንያቱን አልጠረጠረም።

አንድ ነገር ብቻ አላስማማቸውም። ዘፋኟ "ድምፄ ከፍ ይበል" ትላለች፤ ጊታሪስቱ "ከጊታሩ ጋር ይዋሃድ" ይላል። በዚህ ጉዳይ ስንት ጊዜ ተኳርፈው እንደወጡና ስንት ጊዜ እንደተመለሱ ቆጥሬ አልጨረስኩም።

በመጨረሻው ቀን፣ ዘፈኖቹ ከሚክሰሩ ወደ ቴፕ ማሽኑ ሊገለበጡ ሲሉ፣ ባቡር የቀኙን ኬብል ረግጦ ቆረጠው። ንግሥቲቱ ወዲያው በየደችውና ሥራው ቀጠለ። አልቆ ሲያዳምጡት ዘፋኟ ግንባሯን ቋጠረች።

"እታለም፣ ድምፄ ከፊቴ አይመጣም። ከጭንቅላቴ ኋላ የሚመጣ ይመስለኛል።"

ንግሥቲቱ መርፌዎቹን አየች። ሁለቱም እኩል ይዘላሉ። ማዳመጫውን አጠለቀች፣ ገለበጠች። ግራው ደህና ነው። ቀኙም ደህና ነው።

"ደክሞሻል። ስምንት ሰዓት ሙሉ ስትሰሚ ውለሻል። ሂጂና ተኚ" አለቻት።

ልጅቷ አመነቻት። ቴፑ ሸክላ ወደሚታተምበት ፋብሪካ ሄደ። የአንዱ ዘፈን ቅጂም ለሬዲዮ ጣቢያ ተሰጠ።

አልበሙ ሊወጣ ሦስት ሳምንት ሲቀረው፣ ሐሙስ ጠዋት ሬዲዮው ዘፈኑን ለመጀመሪያ ጊዜ አጫወተው። በዚያው ቀን ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ፋብሪካው ሌሎቹ ሸክላዎች ሁሉ የሚታተሙበትን እናቱን ሸክላ ሊቆርጥ ነበር። ንግሥቲቱ ከእኔ ጋር ሥራ ቦታዬ ላይ ቆማ ታዳምጣለች። የእኔ ሬዲዮ አሮጌ ነው፤ ድምፅ ማጉያውም አንድ ብቻ።

ጊታሩ ገባ። ከበሮው ከሩቅ ጉድጓድ የሚመጣ መሰለ። ዘፋኟ የምትገባበት ቦታ ደረሰና አለፈ። ጭል ጭል ከሚል ማስተጋባት በቀር የሰው ድምፅ የለም።

"ልጅቷን ምን ዋጣት?" አልኩ።

 ንግሥቲቱ ፊቷ አመድ መስሎ ወደ ስቱዲዮው ገባች። ተከተልኳት። ያንን የተበየደ ኬብል ጫፉን ፈታ አሳየችኝ። በውስጡ ቀይና ነጭ ሁለት ቀጫጭን ሽቦዎች አሉ። አቀያይራ በይዳቸዋለች።

"ድምፁ ይወጣል፣ መርፌውም ይዘላል" አለች። "ግን ግራው ሲገፋ ቀኙ ይስባል። በአንድ ማጉያ ሲገናኙ መሀል ያለው፣ በሁለቱም በኩል እኩል የሚሰማው ነገር ሁሉ እርስ በርሱ ይጠፋፋል። ዘፋኟ ያለችው ደግሞ መሀል ላይ ነው። ሁለት ጆሮ ያለው ሰው አንድ ነገር እንደጎደለው ያውቃል። እሷ አውቃ ነበር፣ ጋሼ። ነገረችኝ።"

ያኔ ያልኩትን አልደብቅም። "ኬብሉ ተበላሸ በያቸው። ስለ ጆሮሽ ማን ጠየቀሽ?" አልኳት።

አምስት ሰዓት ተኩል ሲሆን አራቱም መጡ። ዘፋኟ ዓይኗ ቀልቷል። አባቷ ሙዚቃውን የማይወድላት ሰው ነው፤ ያን ቀን ግን ከሥራ አስፈቅዶ ወጥ ቤት ካለው ሬዲዮ አጠገብ ተቀምጦ ጠብቋት ነበር።

"'ያንቺ ድምፅ የቱ ነው?' አለኝ" አለች። ወደ ጊታሪስቱ ዞረች። "እንኳን ደስ ያለህ። አጠፋኸኝ።"

"እኔ ምን አደረግሁ?"

"በመጨረሻው ቀን ሚክሰሩ አጠገብ የተቀመጥከው አንተ ነህ።"

"ተቀመጥኩ እንጂ ነካሁ?"

ባቡር ገባበት። "ሬዲዮ ጣቢያው ነው ያበላሸው። እነዚያ ሰዎች መቼ ደህና ነገር አጫውተው ያውቃሉ?"

ለትንሽ ጊዜ ሁሉም ይህን ሊቀበሉት የፈለጉ መሰለኝ። እኔም ፈለግሁ። ንግሥቲቱ ግን የተፈታውን ኬብል ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

"ጣቢያው አይደለም። እኔ ነኝ። ሽቦውን አቀያይሬ በየድኩት። ፋብሪካ ያለው ቴፕም እንደዚሁ ነው።"

ዘፋኟ ኬብሉን አየችው። "እሺ፣ ኬብል ነው እንበል። አንቺ ግን ሳትሰሚው አትቀሪም። የዝንብ ክንፍ የምትሰሚ ሰው ነሽ። ሰምተሽ ነው ዝም ያልሽው። እሱ ዝም በይ ብሎሽ ነው።" ስልኳን አወጣች። "ፋብሪካው ይቁም። ሸክላውም ይቅር። ከእሱ ጋር ከእንግዲህ አልሠራም።"

ጊታሪስቱ ቀና ብሎ ንግሥቲቱን አያት። የሚያድነው ቃል እሷ ዘንድ እንዳለ ያወቀ ይመስል ነበር። እሷ ወደ እኔ ተመለከተች። ሠላሳ ዓመት አብረን የያዝነው ነገር ነበርና ፈቃዴን የጠየቀችኝ መሰለኝ። ዓይኔን ወደ መሬት ጣልኩ። ዛሬም አፍርበታለሁ።

"ቀኝ ጆሮዬ አይሰማም" አለች። "ከዘጠኝ ዓመቴ ጀምሮ። ማዳመጫውን የምገለብጠው ለዚያ ነው። 'መሀል' የምትሉት ነገር ምን እንደሆነ አላውቅም፤ ሰምቼው አላውቅም። ከኋላዬ ይመጣል ስትዪኝ ያልሽው አልገባኝም። ልጠይቅሽ ፈራሁ፤ ስለዚህ ደከመሽ አልኩሽ። እሱ የለበትም።"



"ስምንት ወር" አለች ዘፋኟ ቀስ ብላ። "ስምንት ወር ሙሉ ድምፄን እዚህ አስቀመጥኩ። የማትሰሚ መሆንሽን ብትነግሪኝ ጥዬሽ የምሄድ መስሎሽ ነው?"

"አዎ። መስሎኝ ነው።"

"ልሄድም እችል ነበር።"

"አውቃለሁ።"

ዘፋኟ ስልኩን ጆሮዋ ላይ ሳታደርስ ቆመች። ከዚያ ደወለች፤ እኔ አለቀ ብዬ ነበር። የፋብሪካው ኃላፊ ሲያነሳው ግን "ሌላ ቴፕ እናመጣለን፤ እስከ ስንት ሰዓት ትጠብቁናላችሁ?" አለችው። የሰውየው መልስ ለሁላችንም ተሰማ። ዘጠኝ ሰዓት። ከዚያ በኋላ ማሽኑ የሌላ ሰው ነው፤ ተራ የሚገኘው ከአራት ወር በኋላ ነው።

ንግሥቲቱ አንድ ሕግ አላት፤ ሸክላው እስኪቆረጥ ድረስ ሚክሰሩን ማንም አይነካውም። እያንዳንዱ ቁልፍ በጠመኔ እንደተሰመረበት ቁጭ ብሏል። ስለዚህ ኬብሉን መልሶ መበየድና አሥሩን ዘፈን እንደገና መገልበጥ ይቻላል። አልበሙ አርባ ሦስት ደቂቃ ነው፤ ማፍጠን አይቻልም። ወደ ፋብሪካው መንገዱ አንድ ሰዓት ይፈጃል። ተበይዶ ሲያልቅ ሰዓቱ ስድስት ተኩል ሊሆን ጥቂት ቀርቶት ነበር።

ንግሥቲቱ ሁልጊዜ የምትቀመጥበትን ወንበር በሁለቱ ድምፅ ማጉያዎች ትክክል መካከል አደረገችው። "ተቀመጪ" አለቻት ዘፋኟን። "እኔ ማሽኑን እይዛለሁ። አንቺ ስሚልኝ።"

የመጀመሪያው ዘፈን ሲጀምር ንግሥቲቱ ጠየቀች። "የት ነሽ?"

"መሀል።"

"መሀል ማለት እንዴት ነው?"

ልጅቷ አመነታች። "ከፊቴ። አፍንጫዬ ትይዩ። እዚያ ግን ምንም የለም፤ ባዶ ግድግዳ ነው። ቢሆንም እዚያ ቆሜያለሁ።"

በየዘፈኑ ጠየቀቻት። በየዘፈኑ መለሰችላት። ባቡር ትንፋሹ እንዳይሰማ አፉን በእጁ ይዟል። ሰባተኛው ዘፈን ላይ ዘፋኟ እጇን ብድግ አደረገች። "ቆይ። ወደ ግራ እየሄድኩ ነው።"

ማሽኑ ቆመ። ንግሥቲቱ የቀኙን ኬብል መሰኪያ ነካችው፤ ላልቷል። ሌላ ኬብል የለም። በችኮላ የተበየደ ነበርና ጫፉ አልጸናም። ቴፑን ወደ ሰባተኛው መጀመሪያ መለሰች፤ ጎንበስ ብላም መሰኪያውን በሁለት ጣቶቿ ወደ ውስጥ ጫን አድርጋ ያዘች። "አሁንስ?"

"ተመለስኩ።"

እንደዚያ ጎንበስ እንዳለች የቀሩትን አራት ዘፈኖች ጨረሰች። ክንዷ ሲዝል ጊታሪስቱ መጥቶ ክርኗን ደገፈው። ዘፋኟ አየችው። "ይቅርታ" አለች፤ ዓይኑን ግን አላየችውም። እሱም የንግሥቲቱን ክርን እንደደገፈ ቆየ።

የእንጨት መጫኛ መኪናዬን ነዳሁ። ባቡር ቴፑን እንደ አራስ ልጅ ደረቱ ላይ አቅፎ "ጋሼ፣ ይቺ መኪና ሦስተኛ ማርሽ አታውቅም እንዴ?" ሲለኝ መጣ። ፋብሪካው በር ላይ የደረስነው ለዘጠኝ ሰዓት አሥራ ሁለት ደቂቃ ሲቀረው ነው። ኃላፊው ቴፑን ተቀብሎ ሰዓቱን አየና ገባ።

ሸክላው በቀኑ ወጣ። በምረቃው ዕለት በአዳራሹ የተቀመጠው መቶ ሰው አይሞላም፤ የዘፋኟ አባት ግን ከፊት ወንበር ነበር። ባንዱ አልተበተነም። ቀጣዩን ሥራ የት እንደሚቀርጹ ገና አልወሰኑም፤ ዘፋኟ እያሰበችበት እንደሆነ ነግራናለች። ንግሥቲቱም አልለመነቻትም። አሁን አዲስ ደንበኛ ሲመጣ ስለ ጆሮዋ መጀመሪያውኑ ትነግረዋለች። ሁለቱ ሰምተው ሄደዋል፤ ሦስቱ ሰምተው ቆይተዋል።

በቅርቡ ከዚያ ሁሉ ለእሷ ትልቁ ነገር ምን እንደነበረ ጠየቅኳት። ቀና ሳትል፣ የማዳመጫ ገመድ እየጠቀለለች መለሰችልኝ።

"ሸክላው በሰዓቱ መድረሱ እንዳይመስልህ፣ ጋሼ። ያን ቀን ልጅቷን ስለ መሀሉ ጠየቅኳት፣ እሷም ተቆጥታ እያለች እንኳ ነገረችኝ። እኔ ሠላሳ ዓመት ሰው ፊት ስቆም የምፈራው ያንን ጥያቄ መጠየቅ ነበር። አሁን መሀሉን ባልሰማውም የት እንዳለ አውቃለሁ።"