ባዶ ብዬ የጻፍኩት ማሳ

ይህን ነገር እስከ መጨረሻው የሰማኝ ሰው የለም። ለንስሐ አባቴ እንኳ ሌላ ሌላውን ኃጢአቴን ዘርዝሬ እዚህ ላይ ስደርስ ዘልየዋለሁ። ዛሬ ለማታውቁኝ ለእናንተ የምናዘዘው ደፋር ሆኜ አይደለም። ልነግራቸው የሚገባኝ ሴት አልሰማም ስላሉኝ ነው።

ቆቦ የመጣሁት ከጎጃም ተቀጥሬ ነው። የቀጠረኝ የዘመን ንብርብሮችን ካርታ የሚያነሳና የሚጠብቅ ድርጅት ነበር። ስሙን ሰምተው የሚስቁ ብዙ ናቸው፤ እኔም መጀመሪያ ስቄያለሁ። ሥራው ግን ቀላል ነው። አንድ ቦታ ላይ ዛሬ ያለው ይነሳል፤ ከዚያ በፊት የነበረው በሌላ ስስ ወረቀት ይነሳል፤ ከዚያም በፊት የነበረው እንዲሁ። ወረቀቶቹን ደራርባችሁ ወደ ብርሃን ስታነሷቸው መንደሩ ከማሳው ሥር፣ መቃብሩ ከመንደሩ ጎን ይታያችኋል። ያለፈ ዘመኑ የተመዘገበለትን መሬት ማንም ተነስቶ መቆፈር አይችልም። ታዲያ አንድ ሕግ ነበረን፤ ያለፈ ዘመን የሚመዘገበው ዝምድና የሌላቸው ሁለት ቤቶች ሲመሰክሩለት ብቻ ነው። አንድ ምስክር ብቻ ካለው «ባዶ» ተብሎ ይጻፋል።

እማማ ዘሀራን ያገኘኋቸው ከጎብዬ ወጣ ብሎ፣ ማሽላ የተዘራበት ሜዳ ላይ ነው። ክረምት በመጣ ቁጥር ገበሬው ከተራራ የሚወርደውን ጎርፍ እየጠለፈ ማሳው ላይ ስለሚለቀው፣ በየዓመቱ አዲስ ደለል ይተኛበታል። ለዓይን ምንም የለም። እሳቸው ግን ምርኩዛቸውን ተክለው፣ እዚህ መንደር እንደነበረ፣ በክፉ ቀን ሰዉ አልቆ የተረፈው እንደተበተነ፣ ሰይድና መዲና የሚባሉ ሁለት ልጆቻቸውን በገዛ እጃቸው እዚያው እንደቀበሩ ነገሩኝ። ድንጋይ ያላቆሙላቸው ጉልበት ስላልነበራቸው ነው። ከዚያ መንደር በሕይወት የቀሩት እሳቸው ብቻ ናቸው።

ሁለተኛ ምስክር ከልቤ ፈለግኩ ልበላችሁ? አልፈለግኩም። ጎብዬ ላይ ሁለት ቀን ጠያየቅኩ፤ ሙቀቱ አንገሸገሸኝ፤ ባዶ ብዬ ጽፌ፣ ፈርሜ አስረከብኩ። ከሌሎቹ ሁሉ ቀድሜ የጨረስኩ እኔ ነበርኩ። ኃላፊዬም ካርታዬን በሠራተኛው ፊት ከፍ አድርጎ፣ ሥራ ማለት እንዲህ ነው ብሎ አመሰገነኝ።

ከወር በኋላ ቆቦ ገበያ በርበሬ ልገዛ ቆምኩ። ነጋዴዋ እትዬ ለተብርሃን ቤተሰባቸው ከደቡብ ትግራይ የመጣ ነው። ሥራዬን ጠየቁኝና ስለ ጎብዬ ጨዋታ ተነሳ። በልጅነታቸው ከአባታቸው ጋር ጨው ጭነው ሲወርዱ ያ መንደር ውሃ እንዳጠጣቸው፣ በክፉው ቀን ሲመለሱ ደግሞ አንዲት እናት ሁለት ሕፃናት ስትቀብር አግኝተው አባታቸው አብረው አፈር እንዳለበሱ አወሩኝ። የሚመሰክረው ሁለተኛው ቤት በርበሬ እየሰፈረልኝ ነበር። ምን አደረግኩ? በርበሬዬን ይዤ ሄድኩ። ካርታው ይታረም ብል፣ ቆቦ ላይ አንድ ሰው እንኳ ሳልጠይቅ እንደዘጋሁት ይታወቅብኛል። ያችን ምስጋና ማጣት አልፈለግኩም። ሌላ ምክንያት የለኝም።

ይህ ብቻ ቢሆን ስንፍና ነው ብዬ ራሴን እሸነግል ነበር። ግን ለመንገድ ሥራ አፈር የሚወጣበት ቦታ እየተመረጠ መሆኑ ተሰማ። እማማ ዘሀራ በባጃጅ ቢሮዬ ድረስ መጡ። የአገር ሽማግሌዎችን ይዘው ወረዳ ሊሄዱ ነበር፤ ሽማግሌዎቹም እሺ ብለዋቸዋል። ከመሄዳቸው በፊት አንድ ነገር ብቻ ጠየቁኝ።

«ልጄ፣ ያን የነገርኩህን ጽፈኸዋል?»

«ጽፌዋለሁ እማማ። አይድከሙ፤ ማንም አይነካውም» አልኳቸው።

ጽፌዋለሁ አልኳቸው። ባዶ ብዬ የጻፍኩት እኔ፣ ጽፌዋለሁ አልኳቸው። እሳቸውም መርቀውኝ፣ ሽማግሌዎቹን አመስግነው መለሱ። ልብ በሉልኝ፤ ዝም ብል ኖሮ ሽማግሌዎቹ ይሄዱ ነበር። ያስቀረኋቸው እኔ ነኝ።

ማሽኑ መጣ። ሰምቼ ስደርስ የሜዳው ግማሽ ተነስቷል። አቁም ብዬ ሾፌሩ ላይ ጮህኩበት፤ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንዲሉ። ሰውዬው አልተቆጣም፤ ከኪሱ ወረቀት አውጥቶ አሳየኝ። ቦታው ባዶ ነው ይላል፤ ከሥሩ ያለው ፊርማ የእኔ ነው። ወረቀቱን መለስኩለትና ዳር ይዤ ቆምኩ። አፈሩ ተጭኖ ወደሚሠራው የሮቢት መንገድ ሄደ። ዛሬም በሚኒባስ ስሄድ የትኛው ጋ እንደተደፋ አላውቅም፤ መንገዱን ሁሉ አንገቴን ደፍቼ ነው የማልፈው።

እማማ ዘሀራ ምን እንዳሉ ታውቃላችሁ? ለሰው ሁሉ «ልጁስ ጽፎልኝ ነበር፤ የበላዮቹ ፋቁት» አሉ። አዝመራ በደረሰ ቁጥር የማሽላ እሸት ይልኩልኛል። እበላለሁ። ብመልሰው ለምን ብለው ይጠይቁኛላ!

ስድስት ዓመት እንዲህ ከኖርኩ በኋላ፣ በቅርቡ ጨክኜ ቤታቸው ሄድኩ። ዓይናቸው ደክሟል። አጠገባቸው ተቀምጬ፣ ያኔ ጽፌዋለሁ ያልኩዎት ነገር ብዬ ጀመርኩ። እጃቸው አፌን ፈልጎ ከደነው።

«ተው ልጄ። ሰይድና መዲና በዚህ ዱንያ የተጻፉት አንተ ዘንድ ብቻ ነው። እሱን አትንካብኝ።»

ገብቷቸው ይሁን ሳይገባቸው እስካሁን አላውቅም። ሳለቅስ ጊዜ አብሽር አሉኝ። እኔን አጽናኑኝ።

እንግዲህ ይቅር እንዲሉኝ መጀመሪያ ማወቅ አለባቸው፤ ላሳውቃቸው ብል ደግሞ የቀረቻቸውን አንዲት ነገር ልቀማቸው ነው። ተነስቼ ወጣሁ። ይህን ለእሳቸው አዝኖ ነው ብላችሁ እንዳትቆጥሩልኝ፤ ፈርቼም ሊሆን ይችላል። ከእናንተም ይቅርታ አልለምንም፤ የበደልኩት እናንተን አይደለምና። አንድ ነገር ብቻ እወቁልኝ፤ ሰይድና መዲና እዚያ ነበሩ። ባዶ ብዬ የጻፍኩት እኔ ነኝ።